የአግዳሚው ሌላኛው ጫፍ

የአግዳሚውን ሌላኛውን ጫፍ ማን ይዞ ነበር?

ረድኤት ይህን ጥያቄ ይዛ ትተኛለች፣ ይህንኑ ይዛ ትነሳለች። ፊቷን ሳትታጠብ ታብሌቷን ከትራሷ ስር ታወጣና ፊልሙን ትከፍታለች። ሌላው ሰው ጠዋት ጠዋት የአየሩን ሁኔታ እንደሚያይ፣ እሷ ሌሊት ማን እንደሄደ ታያለች። ትናንት የአዳራሹ አጥር ላይ ተንጠልጥላ እልል ትል የነበረችው ባለ ቢጫ ሻርፕ ሴት ዛሬ ልሙጥ ሆናለች። ሻርፑ አለ። ዓይንና አፏ የነበሩበት ቦታ ግን እንደታጠበ ሳህን ሆኗል። እልልታው ይሰማል፤ ከማን እንደሚወጣ አይታወቅም።

የመልክ አዋጁ ከወጣ ጀምሮ ማንም ሰው ከማንኛውም ምስል ላይ ፊቱን ማስመለስ ይችላል። ከንጋት በፊት ስልኩን ወደ አፉ አስጠግቶ «መልኬን መልሱልኝ» ማለት ብቻ ነው የሚጠበቅበት። ጎህ ሲቀድ በአገሩ ያለ ቅጂ ሁሉ አብሮ ይቀየራል። ሐሳቡን የቀየረም በዚያው መንገድ መልኩን ለምስሉ መልሶ መስጠት ይችላል። ቅጂ ደብቀው ለማስቀረት የሞከሩ ነበሩ፤ የተደበቀውም ሲከፈት ልሙጡን ይዞ ይከፈታል። ጥንቁቅ የሆነ ሰው ደግሞ «ከነጥላዬ» የሚል ቃል ይጨምራል። ያኔ ፊቱ ብቻ ሳይሆን ገላውም ልብሱም ይሄዳል፣ ቆሞበት የነበረው ቦታ ላይ ግድግዳ ወይም ጉም ይሞላበታል።

ሰው ለመደው። የተፋቱ ሴቶች በሠርጋቸው ቪዲዮ ላይ ከልሙጥ ሙሽራ ጋር ኬክ ይቆርሳሉ። ጸጉር ቤቶች ግድግዳ ላይ የተሰቀሉት ፎቶዎች ጸጉር ብቻ ሆነዋል። አሁን አሁን ሙሽሮች ቀለበት ካሰሩ በኋላ «መልኬን አልመልስብሽም»፣ «መልኬን አልመልስብህም» ይባባላሉ። ካህናቱ አይወዱትም፤ ጭብጨባው የሚደምቀው ግን እዚያ ላይ ነው።

ረድኤት ዘጋቢ ፊልም ሠሪ ናት። ሙያውን የተማረችው ኮሪያ፣ ቡሳን ነው። እዚያ ካስተማሯት ነገር ሁሉ ጸንቶ የቀረላት አንድ ሕግ ነው፦ ካሜራ የያዘ ሰው ምስሉ ውስጥ አይገባም። የድሮው ምክር ቤት መንገዳገድ ሲጀምር፣ አገሯ ስትለወጥ ልቅረጽ ብላ ወደ ደሴ ተመለሰች። ተመልሳም የምታየውን ሁሉ ትጠራጠር ነበር። ሰው ሲስቅ ከልቡ ነው? ዝም ሲል ፈርቶ ነው ወይስ ጨዋነት ነው? የሰፈሩ ሰው ቋንቋዋን እንደ ድሮው ትናገራለች ይላል፤ እሷ ግን የሚነገራትን ነገር ግማሹን ብቻ የምትሰማ ይመስላታል።

የአዳራሹን ቀን ግን አልተጠራጠረችውም። ምክር ቤቱ ስብሰባ ከልክሎ የቧንቧ ውሃ ሰፈርን አዳራሽ ከቆለፈው ቆይቶ ነበር። ያን ቀን ሰፈሩ ነቅሎ ወጣ። ከጦሳ ተራራ የወረደው ጉምና የሚነደው ጎማ ጭስ ተደባልቆ ነበር። ረድኤት በሩ አጠገብ ካለው መስኮት ደፍ ላይ ወጥታ ስትቀርጽ፣ የባጃጅ ባትሪ የሚጠግነው እንድሪስ የአንድ ረጅም የወይራ አግዳሚ የፊት ጫፍ ትከሻው ላይ አድርጎ ከጉሙ ውስጥ እየሮጠ ወጣ። ፊቱ የሚያለቅስም የሚስቅም ይመስል ነበር። እንዲህ ያለ ፊት በሕይወት አንድ ጊዜ ነው የሚገኘው ብላ ዓይኗን ከእሱ አልነቀለችም። የቀረውን ካሜራው ያስታውስልኛል አለች። በሩ ተገነደሰ። ከበሩ ጀርባ የነበረው ዘበኛ እግሩ ተሰበረ። ሰፈሩ ገባ። በሳምንቱ ምክር ቤቱ ወደቀ ተባለ።

ከዚያ በኋላ የሆነውን ለይቶ «እዚህ ጋ ነው የተለወጠው» ማለት የሚችል የለም። ከወደቁት ሰዎች አብዛኞቹ ቀስ እያሉ በሽግግሩ ሸንጎ የኋላ ወንበሮች ላይ ታዩ። ከዚያ ወደ መካከለኛው ረድፍ መጡ። የዕርቅ አዋጅ ወጣ። አዋጁ ብዙ ሰው በአንድነት ያደረገውን ይምራል፣ አንድ ሰው ብቻውን ያደረገውን ይቀጣል። ሁለት ሰው ከተገኘ ብዙ ይባላል። ልሙጥ ከሰው አይቆጠርም።

ይህ በታወጀ ሰሞን፣ መጀመሪያ አንድ ሁለት ሰው፣ ከዚያ ቤተሰብ በሙሉ፣ ከረድኤት ፊልም ላይ መልኩን ማንሳት ጀመረ። አዋጁ የሚምራቸው ሰዎች ናቸው ምሕረቱን ሸሽተው የሄዱት። የአግዳሚውን የኋላ ጫፍ የያዘው ሰው ከሁሉም ቀድሞ፣ ከነጥላው ሄደ። ረድኤት ፊልሙን ባየች ቁጥር ዓይኗ የእንድሪስ ፊት ላይ ብቻ ስለነበር ማን እንደሆነ ሳታስተውል ቀርታለች። አሁን በፊልሙ ላይ እንድሪስ አንድ ረጅም አግዳሚ በአንድ ጫፉ ብቻ ተሸክሞ ይሮጣል። የኋላው ጫፍ አየር ላይ ነው፤ እንደ ጀልባ ወደ ግራ ዞር እያለ ይከተለዋል። እንድሪስ ተከሶ ማረፊያ ቤት ገብቷል። ፊልሙም በማስረጃነት ታሽጓል፤ የተከሰሰ ሰው መልኩን ማስመለስ አይችልም፣ ረድኤት ራሷም ፊልሙን ልታጠፋው አትችልም።

ለእንድሪስ የሚያስፈልገው አንድ ተጨማሪ ፊት ነው።

ማረፊያ ቤቱ ግቢ ውስጥ፣ ሚስቱ ከድጃ ምሳ ዕቃውን እየከፈተች ነበር ረድኤት የጠየቀችው።

«እንድሪስ፣ ከኋላህ ማን ነበር?»

«ካሜራ የያዝሽው አንቺ! እኔን ትጠይቂኛለሽ?»

«እኔ አንተን ነበር የማየው።»

«ኧረ?» አለች ከድጃ፣ ማንኪያውን እየጠረገች። «እኔ እንኳ እሱን ማየት ትቻለሁ እህቴ።»

እንድሪስ ሳቀ። ሲስቅ ያ የፊልሙ ፊት ለአፍታ ተመልሶ ይመጣና ይሄዳል።

«ታውቀዋለህ አይደል?» አለች ረድኤት።

«አውቀዋለሁ እንጂ! እሱ ባይገፋኝ በሩን ስሜ ነበር የምመለሰው።»

«ታዲያ ስሙን ንገረኛ! አንድ ሰው ነው የሚያስፈልግህ። ለእሱም ምሕረት ነው።»

እንድሪስ የጎረሰውን እስኪውጥ ቆየ። «ስሙን እኔ ከጠራሁት ጠቆምኩት ነው። ራሱ ከመጣ መሰከረ ነው። ሁለቱ አንድ ነው እንዴ አንቺ በተማርሽበት አገር?»

«ትታሰራለህ እኮ!»

«ሃምሳ ሎሚ ለአንድ ሰው ሸክሙ፣ ለሃምሳ ሰው ጌጡ ይሉ የለ? ጌጡን አወለቁና ሎሚው እኔ ጋ ቀረ።» ወደ ሚስቱ ዞረ። «ዛሬ በርበሬው በዝቷል።»

«እዚህም ሆነህ ታማርጣለህ!» አለች ከድጃ። ፊቷን ግን አዙራ ነበር ያለችው።

ረድኤት ቤት ለቤት ዞረች። ሁሉም ግቢ አላት፣ ሁሉም አስቀመጣት፣ ሁሉም «እሺ፣ እናያለን» አለ። ባለ ቢጫ ሻርፕ ሴትዮ ፊልሙን አብራት እስከ መጨረሻው አየችና «ያቺ እኔ አይደለሁም» አለቻት፣ ያንኑ ሻርፕ አንገቷ ላይ እንደጠመጠመች።

ከሁሉ አስቀድማ ጠይቃቸው የነበረው ጋሽ ይመርን ነው። ጋሽ ይመር የዕድሩ ዳኛ ናቸው። የአባቷ የልብ ጓደኛ ነበሩ፤ አባቷ ሲሞት ድንኳኑን ያስተከሉት፣ እሷ ስትመለስ ኮምቦልቻ አውሮፕላን ማረፊያ ድረስ ወርደው የተቀበሏት እሳቸው ናቸው። ግድግዳዋ ላይ የተሰቀለው ፎቶ ወደ ቡሳን የሄደችበት ቀን መናኸሪያው ጋ የተነሳ ነው። መሀል እሷ፣ በአንድ በኩል አባቷ፣ በሌላ በኩል ጋሽ ይመር የእሷን ትልቅ ሻንጣ ተሸክመው።

«እንጃ ልጄ፤ ጭሱ ዓይን የሚያስገልጥ ነበር እንዴ?» ነበር ያሏት። አመነቻቸው።

ችሎቱ የተቀመጠው በዚያው አዳራሽ ነው። በሩ አዲስ ነው። ፊልሙ ግድግዳው ላይ ሲታይ፣ ያን ቀን ግቢው ውስጥ ሲጮህ የነበረው ሰፈር ተደርድሮ ልሙጥ ሆኖ ሲጮህ ራሱን አየ። እንድሪስ ከጉሙ ወጣ። አግዳሚው በአየር ላይ ተከተለው። በሩ ወደቀ።

ረድኤት ፊልሙን የቀረጸች እንደመሆኗ ቃሏን ስትጠየቅ አንድ ነገር ለመነች፤ አግዳሚው ይቅረብ። አግዳሚው ያን ቀን ከተጣለበት ግቢ ጥግ አምጥተው መሀል አስቀመጡት። ለዓመታት የወረደበት ዝናብ አክብዶታል።

«ተከሳሹ ያንሳው» አለች።

የመሀል ዳኛዋ ትንሽ አሰቡና ፈቀዱ። እንድሪስ እጁን እፍ ብሎ አሻሸ። የፊት ጫፉን ይዞ ትከሻው ላይ አደረገ። የኋላው ጫፍ ወለሉ ላይ ቁጭ እንዳለ ቀረ። ጎተተ፤ አግዳሚው ወለሉን እየቧጨረ ትንሽ ተከተለውና ቆመ። መሀሉ ላይ ሊይዘው ሞከረ፤ አጋደለና ጉልበቱን መታው። ከኋላ የሆነ ሰው ሳቀ። ከዚያ ሁለት ሦስት ሆነው ሳቁ።

«አቅሙ ነው ያነሰኝ እንጂ ፈቃዱስ አለኝ፣ ክብርት ዳኛ» አለ እንድሪስ እያነከሰ። ሳቁ ጨመረ።

ዳኛዋ ሳቁ እስኪያልቅ ጠበቁ። ድምፃቸው ክፉ አልነበረም። «ችሎቱ ተመልክቷል። ተከሳሹ አግዳሚውን ብቻውን ማንሳት አልቻለም። ምስሉ ላይ ግን አንስቶታል።» ሌላ መልክ ካልቀረበ በሚቀጥለው ሰኞ ውሳኔ ለመስጠት ቀጠሩ።

እሑድ ከሰዓት በኋላ ጉሙ እስከ በሯ ወርዶ ሳለ ሦስት ሽማግሌዎች መጡ፦ ጋሽ ይመር፣ ሼህ ሙሔና መምሬ አክሊሉ። ሦስቱም ለዓመት በዓል የሚለብሱትን ለብሰዋል። ረድኤት ያላት አንድ ወንበር ብቻ ስለሆነ፣ ከአከራይዋ በረንዳ ላይ ያለውን ረጅም አግዳሚ ላስገባ ብላ ወጣች። አንዱን ጫፍ ትከሻዋ ላይ ስታወጣ ጋሽ ይመር ማንም ሳይጠይቃቸው ተከትለዋት ወጡ፣ ጎንበስ አሉና ሌላኛውን ጫፍ በአንድ ጊዜ ብድግ አድርገው ግራ ትከሻቸው ላይ ጣሉት። ቃሬዛ ሲሸከም እንደኖረ ሰው።

አግዳሚው ትከሻዋ ላይ ዞር አለ።

የምታውቀው አዟዟር ነው። ስንት ጠዋት አይታዋለች፤ የኋላው ጫፍ ወደ ግራ ይሄድና የፊቱ የተሸካሚውን አንገት ገፋ ያደርጋል። እንድሪስ ሲሮጥ አንገቱን ቀና የሚያደርገው ለዚህ ነው። እሷም አንገቷን ቀና አደረገች። ከዚያ በላይ ማሰብ አልቻለችም። ደፉን ተሻገሩ፣ አስቀመጡት።

«ይቀመጡ» አለች። ድምፅዋ የሌላ ሰው ሆነባት።

አልተቀመጡም። ሦስቱም አግዳሚውን ከኋላቸው አድርገው ቆሙ። ያኔ ትዝ አላት። አክስቷን ለጋብቻ የጠየቁ ቀን ሽማግሌዎቹ እንዲህ ነበር የቆሙት። ልመና የያዘ ሽማግሌ እሺ ሳይባል አይቀመጥም፤ እሺ ሳይባል ከተቀመጠ ልመናው ወደቀ።

«ልመና ይዘን ነው» አሉ መምሬ አክሊሉ መቋሚያቸውን ተደግፈው።

«ፍለጋውን ተዪው» አሉ ሼህ ሙሔ። «ሰፈሩ ደክሞታል ልጄ። ነገ ችሎት ምንም አትበዪ። እንድሪስን አነጋግረነዋል። ቤቱን ዕድሩ ይይዝለታል፤ ልጆቹ አይራቡም፣ ከድጃም ከፍቷት አታድርም። ወጥቶ ሲመጣ እንደ ወንድም ነው የምንቀበለው። አንድ ሰው ቢታሰር አንድ ሰፈር ይተርፋል።»

ረድኤት ቡሳን ሆና ብትሰማው ስም ታወጣለት ነበር። እዚህ ግን ሦስት አዛውንት፣ ለአንድ ሰው ልጆች ምግብ አስበው፣ አምረው ለብሰው፣ ፊቷ ቆመዋል። ክፋት ነው እንዳትል ክፋት አይመስልም። ደግነት ነው እንዳትል እንድሪስ አለ።

«ሁለት ሰው ቢቆም ማንም አይታሰርም» አለች። «አዋጁ ይምራል።»

«የሚምረው አዋጅ ነገ ይሻራል» አሉ ጋሽ ይመር። «መልክ ግን እዚያው ይቀራል። እኔ ስንት አዋጅ ሲወጣ፣ ስንቱ ሲሻር አይቻለሁ መሰለሽ! ሁልጊዜ የሚፈለገው የቀረው መልክ ነው።»

ዝናቡ ቆርቆሮውን መታው። እሷም አልተቀመጠችም። አራቱም ቆመው ዝናቡን ሰሙ። መምሬ አክሊሉ ከአንዱ እግራቸው ወደ ሌላው ዞሩ።

«ለቅዳሴ ቆመው ያድሩ የለ እንዴ መምሬ?» አሉ ሼህ ሙሔ በቀስታ።

«የቅዳሴው ማለቂያ አለው። የዚች ልጅ አይታወቅም።»

ረድኤት ሳትወድ ሳቀች። ሳቁ ድፍረት ሰጣት።

«እሺ እላለሁ» አለች። ሦስቱም ቀና አሉ። «ግን የአግዳሚውን ሌላኛውን ጫፍ የያዘው ሰው ራሱ ይለምነኝ። እሱ ይለምነኝና አሁኑኑ እሺ ብዬ እግሩ ላይ እወድቃለሁ።»

ይህን ስትል ጋሽ ይመርን አላየቻቸውም። ያየችው ሁለቱን ነው። ሼህ ሙሔ በእጃቸው የሚቆጥሩትን ሙስበሓ ማየት ጀመሩ። መምሬ አክሊሉ የመቋሚያቸውን ጫፍ። እነሱም ያውቃሉ። ምናልባት ሰፈሩ ሁሉ ያውቃል፤ ያልሰማችው ግማሽ ይኼ ነው።

ጋሽ ይመር ተቀመጡ።

«ይመር!» አሉ መምሬ ደንግጠው። «ምን ማድረግህ ነው?»

«ደከመኝ።»

«እኔስ መች አልደከመኝ?»

«ትከሻዬን ነው የደከመኝ» አሉ ጋሽ ይመር። ግራ ትከሻቸውን በቀኝ እጃቸው ያዙት። ግድግዳውን ቀና ብለው አዩ፣ ፎቶውን። «ያችን ሻንጣሽን ታስታውሻታለሽ? አባትሽን ይቺ ልጅ የጦሳን ድንጋይ ጭና ነው የምትሄደው ብዬ አስቄው ነበር።»

«አስታውሳለሁ ጋሼ።»

«ለሌላ ሰው ከምትከብድ እኔን ትክበደኝ ብዬ ተሸከምኳት።» ተነሱ። ሽማግሌዎቹ በዝናቡ ወጡ፤ ሼህ ሙሔ የጋሽ ይመርን ክንድ ይዘው ነበር። ረድኤት ጋሽ ይመር የተቀመጡበትን አግዳሚ ሳታነሳው አደረች። ተቀምጠዋል። ልመናው ወድቋል። ጠዋት መልካቸው ተመልሶ ይመጣል ብላ፣ ከተመለሰች ወዲህ ለመጀመሪያ ጊዜ ሳትጠራጠር ተኛች።

ሰኞ ጎህ ሲቀድ ታብሌቷን አወጣች። ፊልሙን ወደ ጉሙ አሮጠችው። እንድሪስ ወጣ። ከኋላው አየር ነበር። አግዳሚው ወደ ግራ ዞር እያለ ተከተለው።

እንደገና አየችው። ምናልባት ዛሬ ዘግይቶ ይሆናል፣ ምናልባት ቃሉን ተሳስተው ይሆናል ስትል ዓይኗ ወደ ግድግዳው ሄደ። ፎቶው ላይ አባቷ አለ። እሷ አለች። በሌላ በኩል የመናኸሪያው ግንብ ይታያል፤ ትልቁ ሻንጣዋ ከግንቡ ፊት፣ ከመሬት ከፍ ብሎ፣ አየር ላይ ተንጠልጥሏል።

ስልኳ ላይ ያሉትን ፎቶዎችና ቪዲዮዎች አየች። የአባቷ ለቅሶ፣ ድንኳኑ አለ፣ ገመዱን የሚስበው የለም። ኮምቦልቻ አውሮፕላን ማረፊያ፣ አበባ ለብቻው ወደ እሷ ይመጣል፣ እሷ እየሳቀች አየሩን ታቅፋለች።

ከዚያ ካሜራዋን ይዛ ወጣች።

አግዳሚው ካለፈው ችሎት በኋላ የተጣለበት የአዳራሹ በር ላይ ነበር። ረድኤት ካሜራውን ፊት ለፊት ካለው አጥር ላይ አስቀመጠችና አበራችው። ከጀርባው ትንሽ ቆመች። የተማረችው ሁሉ ከካሜራው ወዲህ ነው። ከዚያ ዞራ ወደ ምስሉ ውስጥ ገባች። የአግዳሚውን የፊት ጫፍ ይዛ ትከሻዋ ላይ አወጣችው። የኋላው ጫፍ ጭቃው ላይ እንደተቀመጠ ቀረ። በነፃው እጇ ለጋሽ ይመር መልእክት ጻፈች።

«ጋሼ፣ ስምዎን አልጠራሁም፤ አልጠራምም። አዳራሹ በር ላይ ነኝ። የአግዳሚውን የፊት ጫፍ ይዣለሁ። ከባድ ነው። የኋላው ጫፍ መሬት ላይ ነው።»

ላከችው።

ሰዉ ወደ ችሎቱ መግባት ጀመረ። ሰላም ይሏታል፣ እንደምን አደርሽ ይሏታል፣ በአግዳሚው ዙሪያ ያልፋሉ። ሼህ ሙሔ ሲያልፉ ከንፈራቸው ተንቀሳቀሰ። ባለ ቢጫ ሻርፕ ሴትዮ ቆመች፣ የኋላውን ጫፍ አየችው፣ ጎንበስ ልትል ምንም አልቀራትም ነበር፤ አጥሩ ላይ ያለውን ካሜራ ስታይ ሻርፑን ወደ ፊቷ ስባ ገባች። ጋሽ ይመር አልመጡም።

ውሳኔው በድምፅ ማጉያ ወደ ውጭ ይሰማ ነበር። ተከሳሽ እንድሪስ አግዳሚውን ብቻውን አንስቶ፣ በሩን ብቻውን ሰብሮ፣ የዘበኛውን አካል ብቻውን እንዳጎደለ በምስል ተረጋግጧል ተባለ። የእስራቱ ዘመን ተነገረ። ከውስጥ አንድም ድምፅ አልወጣም።

መጀመሪያ የወጣችው ከድጃ ናት። ረድኤትን ቆማ አየቻት።

«አውርጂው እህቴ» አለች። «አለቀ።»

«ትንሽ ልቆይ።»

«ማንን ነው የምትጠብቂው?»

ረድኤት አግዳሚውን ትከሻዋ ላይ አመቻቸች። ከድጃ ምሳ ዕቃውን በእጇ እንደያዘች ወደ ማረፊያ ቤቱ ቁልቁለቱን ወረደች።

ያ ምስል ዛሬም አለ። በበሩ ብዙ ሰው ገብቶ ወጥቶበታል፤ በማግስቱ ጎህ ሲቀድ ግን ግቢው ባዶ ነበር፣ ሁሉም ከነጥላው ሄዷል። አንዲት ሴት የረጅም አግዳሚ አንድ ጫፍ ትከሻዋ ላይ ይዛ ጉም ውስጥ ቆማለች፤ ሰው ቆሞበት እንደሚያውቅ የሚናገረው በኋላው ጫፍ ዙሪያ ጭቃው ላይ የቀረው ዱካ ብቻ ነው።

መልእክቱ በዚያው ጠዋት፣ ውሳኔው ሲነበብ፣ ተነብቧል። ስልኳ ምልክቱን አሳይቷታል። መልስ ግን ያን ቀንም፣ ከዚያም በኋላ አልመጣም።